ከንፈር የማይለየው ስም

ለማትረሺኝ እህቴ፣

እንደምን ከርመሻል? ያ ሳልሽ ለቀቀሽ? የጎማ ፋብሪካው ሽታ ከልብሴ አልፎ ዳቦዬ ውስጥ ገባ ብለሽ የጻፍሽልኝን እያነበብኩ ብቻዬን ስስቅ ነበር። እኔ ደህና ነኝ። ሎስ አንጀለስ ዘንድሮም ዝናብ ነፍጋናለች፤ ብርቱካኑ ግን ርካሽ ነው።

ሌላም ያሳቀኝ ነገር አለ። አንቺና እንዳንቺ የማይሰሙት የፋብሪካ ጓደኞችሽ ሲኒማ ገብታችሁ፣ ሰው ሁሉ ሲያለቅስ እናንተ ትስቃላችሁ። ፊልሙ ድምፅ ስለሌለው ተዋናዩ ያሻውን ይናገራል፤ በእናቱ ሬሳ ላይ ተደፍቶ ከንፈሩ "ይሄ ጫማ ገደለኝ" ሲል አነበባችሁት። ይኸው ወሬሽ ነው እኔን ጉድ ያደረገኝ። ከዚያ ወዲህ በእጄ የሚያልፈውን ከንፈር ሁሉ እያፈጠጥኩ ማየት ለመደብኝ።

አሁን የምቆርጠውና የምቀጥለው ፊልም የአንድ ጠበቃና የሚስቱ ታሪክ ነው። ጠበቃውን ሆኖ የሚሠራው ባሌ ኦሪን ነው፤ ሚስቱን ሃሪየትን ሆና የምትሠራው ቢሊ የምትባል ተዋናይ ናት። ሰውየው ሹመት ፍለጋ ሊሄድ ባቡር ጣቢያ ከደረሰ በኋላ ሐሳቡን ይቀይራል። ንግግሩን ተመልካቹ እንዲያነበው በመሃል የቀጠልኩበት ጽሑፍ "ሃሪየት፣ ሹመቱ ይቅርብኝ" ይላል። ከንፈሩ ግን ሃሪየት አላለም። ምስል በምስል እየጎተትኩ አየሁት። "ያላንቺ የትም አልሄድም" ነው የሚለው፤ ከዚያ በፊት አንድ አጭር ስም አለ። ከንፈሩ ይገጥማል፣ ይከፈታል፣ ምላሱ ላንቃውን ይነካል። ወይ ሚሊ ነው፣ ማለትም እኔ፤ ወይ ቢሊ።

ልጆች ሳለን መስታወት ፊት አስቀምጠሽ ያስተማርሽኝ ትዝ አለኝ። "ም" እና "ብ" ለከንፈር አንድ ናቸው፣ ዙሪያውን አይተሽ ለዪ ብለሽኝ ነበር።

እንግዲያው ዙሪያውን ልንገርሽ። ኦሪንን ኒውዮርክ ያለ ትልቅ ቲያትር ጠርቶታል። እኔንም እዚሁ የፊልም ቆራጮቹ አለቃ ሊያደርጉኝ እስከ ሰኞ መልስ ይጠብቃሉ። እኔ ግን አብሬው ልሄድ ሻንጣዬን አውርጄ አቧራውን ሁሉ ጠርጌ ነበር። እሱ ሻንጣውን አየና "መጀመሪያ እኔ ሄጄ ልደላደል፣ ሚልድረድ። አንቺ ከገና በኋላ ትመጫለሽ" አለኝ፣ እንደ ልማዱ ሙሉ ስሜን ጠርቶ። ለምን አብረን አንሄድም ስለው፣ ሥራሽን ትወጂ የለም ወይ ብሎ ኮፍያውን አንስቶ ወጣ። ከፋኝ፤ ላንቺ ምን እደብቃለሁ።

በማግስቱ ነው ያንን ከንፈር ያየሁት። ተዋናይ እኮ እንባውን የሚቀዳው ከቤቱ ነው፤ እኔን አስቦ ይሆናል ብዬ ቀኑን ሙሉ ደስ ሲለኝ ዋለ። ማታ ሳህን ሳጥብ ግን ቤት ውስጥ የሚጠራኝን ስም አስታወስኩና ደስታዬ ተነነ።

ዳይሬክተሩ ይህ ክፍል ረዝሟል፣ ከንፈሩ የሚታይበትን ቁረጪው ብሎኝ ነበር። አልቆረጥኩትም። ፊልሙ ኅዳር ላይ እናንተ ከተማ ይደርሳል። ፊት ወንበር ተቀመጪ፤ ጓደኞችሽንም አስከትዪያቸው። የትኛው እንደሆነ ጻፊልኝ። ለአለቆቼ ሥራውን እቀበላለሁ ብዬ ዛሬ ጠዋት እሺ ብያቸዋለሁ፤ ቢሆንም ማወቅ እፈልጋለሁ። ምን ላድርግ፣ ነገር መቆስቆስ ከልጅነቴ ነው።

ዓይንሽን ያቆይልኝ። በሄድሽበት ሁሉ ደግ ሰው ይግጠምሽ።

ካንቺ በቀር ሚሊ ብሎ የሚጠራት የሌላት፣
እህትሽ