እግሯን ያላየሁበት ቴሌቪዥን

ጥር 3
ሰባ ስምንት ዓመቴ ነው። ውሃ እቀዳለሁ፣ ሸሚዜን እተኩሳለሁ፣ ጣሪያ ላይ ወጥቼ አንቴና አስተካክላለሁ። መሰላል የሚይዝልኝ አልፈልግም። ፊደሌ ጠማማ ነው... ቢሆንም የራሴ ነው።
ማታ የመጨረሻ ልጄን በቴሌቪዥን አየሁ። ረግረግ ውስጥ ጥለዋቸው ማን ይቆያል የሚባልበት ውድድር ነው። ብዙዎቹ ወጥተዋል። የእኔዋ አለች! ቴሌቪዥኔ ጉም ብቻ ነው፣ ግን ስትራመድ ትታያለች። ሌላ ምን ልይ?

ጥር 5
ጎረቤቴ ፀጉር አስተካካዩ ግድግዳ የሚያህል ቴሌቪዥን ገዛ። "ጋሼ፣ እኛ ጋ መጥተው ይዩአት፤ ትንኟ ሳትቀር ትታያለች" አለኝ።
"ትንኝ የምቆጥር ሥራ ፈት መሰልኩህ?"
ደንበኞቹ ሳቁ። የገዛ ልጄን ለማየት የሰው ደጅ ልጥና? እናቷ ብትኖር ትሄድ ነበር። እሷ ኩራት አታውቅም።

ጥር 9
ደወለች። አንዴ ብቻ ነው የሚፈቀድላቸው።
"አባዬ፣ ልውጣ እንዴ?"
"ምን ሆነሽ?"
"እግሬ..."
"ትናንት አይቼሻለሁ፤ እንደ ሚዳቋ ነው የምትራመጂው። የኛ ዘር ጀምሮ አይተውም።"
"አየኸኝ?"
"አየሁሽ!"
"እሺ አባዬ።"
ድምጿ ቀጠነብኝ... መስመሩ ይሆን?

ጥር 10
ድምጿ አላስተኛኝም። ፀጉር አስተካካዩ ጋ ሄድኩ። ጢሜን ልላጭ ነው ብዬ ገባሁ።
የሰሞኑን እየደገሙት ነበር። እንዴት ያምራል! ውሃው ወርቅ፣ ሣሩ ሐር። ልጄ መሀሉ ቆማለች። ከዚያ እግሯን አቅርበው አሳዩ። አብጧል። ጣቶቿ ጠቁረዋል። "ጋሼ... አላዩም ነበር?" አለኝ ምላጩን አውርዶ። ግማሽ ጢሜን ይዤ ወጣሁ።
የውድድሩ አዘጋጆች ቢሮ ደወልኩ። "አባት፣ እሷ ራሷ ካላለች አናወጣትም" አለችኝ አንዷ።
"ቆዪ ያልኳት እኔ ነኝ!"
"ሰምተናል። ስልኩ ተቀርጿል፣ ነገ ይተላለፋል፤ ሁላችንንም አስለቅሶናል።"

ጥር 12
ከትናንት ጀምሮ በራቸው ላይ ተቀምጫለሁ። ዘበኛው "ይነሡ አባቴ" ይላል። "ተሸክመህ አንሣኝ!" አልኩት። አልደፈረም። ሲመሽ ሐኪም ላኩላት።

ጥር 21
ሆስፒታል ነኝ። ሁለት ጣቷን ቆረጡ።
"ካሜራማኑ ጀምበር ስትጠልቅ ውሃው ውስጥ ቁሚ ይለኝ ነበር። ደረቁ መሬት ለምስል አይሆንም አለ። በየቀኑ ቆምኩለት" አለች። ከዚያ፣ "አየሁሽ አልከኝ እኮ አባዬ።"
ቴሌቪዥኔን ጣለው ይሉኛል። እሱ ምን አጠፋ? አየሁ ያልኩት እኔ።
ያለብኝን ራሴ እከፍላለሁ፣ ማንም እጁን እንዳያስገባ። ለፀጉር አስተካካዩ፣ ይቅርታ። ለእናቷ፣ መቃብሯ ድረስ ሄጄ የሆነውን መንገር። ለልጄ፣ መራመድ እስክትለምድ ክንዴን። ደግሞ ያን ቀን በስልክ ያልሰጠኋት... በቃሽ ልጄ፣ ነይ።