«ማን አየ?» እያሉ የኖሩት መምህር የሕይወት ታሪክ

የጥንት ቋንቋዎች መምህርና የወንጌላት ታሪክ ተመራማሪ የነበሩት፣ ተማሪዎቻቸው «ማን አየ» በሚል ቅጽል የሚያውቋቸው መምህራችን፣ ከአባታቸው ከሰዓት ጠጋኙና ከእናታቸው ከልብስ ሰፊዋ በ1943 ዓ.ም. ተወለዱ። የተወለዱት ከአባታቸው ሱቅ በላይ ባለችው፣ መስኮቷ ወደ ገበያው በሚያይ ጠባብ ክፍል ውስጥ ነው። ሰዓቱ ግን እስከ ዛሬ አልታወቀም። እናታቸው ጎሕ ሲቀድ ነው ይሉ ነበር፤ አባታቸው ቀትር ላይ ነው ብለው ይምሉ ነበር፤ በጊዜው የአራት ዓመት ልጅ የነበሩት ታላቅ ወንድማቸው ደግሞ «ማታ ነው፣ መብራት በርቶ ነበር» ብለው እስካሁን ፍንክች አላሉም። በሱቁ ግድግዳ ላይ ከተሰቀሉት ሰዓቶች ሁለቱ እንኳ አይስማሙም ነበርና የሚያስታርቅ አልተገኘም። «ሰዓት ጠጋኝ ቤት ተወልጄ ሰዓቴ ጠፋ» እያሉ መምህራችን ይስቁ ነበር።

ሁለቱ ወንድማማቾች ባንድ አልጋ ተኝተው፣ ባንድ ጫማ ተፈራርቀው አደጉ። አንድ ቀን የደንበኛ ሰዓት መስተዋት ሰበሩ። አባታቸው ለየብቻ ጠርተው ሲጠይቋቸው ሁለቱም «ድመቷ ከመደርደሪያው ዘላ በጅራቷ መትታ ሰበረችው» አሉ። ቃል በቃል፣ ሳይጨምሩ ሳይቀንሱ። አባትየው መነጽራቸውን አወለቁ። «ድመት ያየ ሰው አንዱ ጅራቷን ያያል፣ ሌላው ጥፍሯን። እናንተ ባንድ አፍ ከተናገራችሁ አንዳችሁ ካንዳችሁ ቀድታችኋል ማለት ነው» አሉና ለሁለቱም ቀበቶ አወረዱላቸው። መምህራችን ከብዙ ዓመት በኋላ፣ ከአራቱ ወንጌሎች ሦስቱ ባንድ ዓይነት ቃል የሚናገሩባቸውን ክፍሎች ሲያስተምሩ፣ «ይህንን የተማርኩት ከቀበቶ ነው» ይሉ ነበር። የድመቷን ታሪክ ማን ፈጠረው፣ ማንስ ቀዳ የሚለው ግን በወንድማማቾቹ መካከል እልባት ሳያገኝ ቀርቷል።

የመጀመሪያና የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በተወለዱበት ከተማ ካጠናቀቁ በኋላ ታላቅ ወንድማቸውን ተከትለው ነገረ መለኮት ትምህርት ቤት ገቡ። ታላቅየው ገና በሃያዎቹ ዕድሜ አዳራሽ የሚሞሉ ሰባኪ ወጣቸው፤ ትዳርም ሳይዙ ዕድሜያቸውን ለመድረኩ ሰጡ። ታናሽየው በ1967 ዓ.ም. የትምህርት ዕድል አግኝተው ባሕር ተሻገሩ። በዚያም የጥንት ቅጂዎችን ፊደል በማጉያ መነጽር እየለቀሙ የዶክትሬት ዲግሪያቸውን ተቀበሉና በ1974 ዓ.ም. ተመልሰው በዩኒቨርሲቲ መምህርነት ተቀጠሩ።

የተሰጣቸው ቢሮ ከደረጃው ሥር ነበር። ሰው ሲወጣና ሲወርድ ራሳቸው ላይ የሚረገጥ ያህል ይሰማ ነበር። ጠረጴዛቸው በሁለት አጫጭር ሣጥኖች ላይ የተጋደመ የተጣለ በር ሲሆን፣ እጀታው ሳይነቀል ስለቀረ መዳፋቸውን የሚያሳርፉት በእሱ ላይ ነበር። በበሩ ላይ አራቱን ወንጌሎች ጎን ለጎን ዘርግተው፣ ሦስቱ የሚጋሩትን በቀይ፣ ሁለቱ የሚጋሩትን በሰማያዊ፣ አንዱ ብቻውን የሚናገረውን በአረንጓዴ እርሳስ ያሰምሩ ነበር። ጥያቄያቸው ሁልጊዜ ያው ነው፤ ማን አየ? ለማን ነገረ? የሰማውስ መቼ ጻፈው? ቅጽል ስማቸውም የወጣው ከዚሁ ነው። አርፍዶ የመጣ ተማሪ «አውቶቡሱ ተበላሽቶብኝ ነው» ሲል፣ እሳቸው አፋቸውን ሳይከፍቱ ክፍሉ ሁሉ ባንድ ድምፅ «ማን አየ?» ይለው ነበር።

በ1976 ዓ.ም. ከአዋላጅ ነርሷ ባለቤታቸው ጋር ጋብቻ መሥርተው አንዲት ሴት ልጅ አፍርተዋል። ባለቤታቸው በሞያቸው የሚቀልዱ ብቸኛ ሰው ነበሩ። መምህራችን አንድ ምሽት አራቱ ትረካዎች የሚጣረሱበትን እየቆጠሩ ራሳቸውን ሲይዙ፣ «አንተ ሰው፣ እኔ ያዋለድኩትን ልጅ አያቱ ባንድ ዓይነት፣ አክስቱ በሌላ ዓይነት ታወራዋለች። ልጁ ግን ይኸው ያለቅሳል!» አሏቸው። መምህራችን ይህን ቃል ከዚያ ወዲያ በየዓመቱ የመጀመሪያው ክፍለ ጊዜ ላይ ሳይናገሩት አልፈው አያውቁም። «አልሆነም» ብለው አስተምረው አያውቁም። ያስተማሩት «ጠይቁ» ብለው ነው። ይሁንና ይህን ልዩነት ለመስማት ሁሉም ጆሮ አልነበረውም።

በ1984 ዓ.ም. የቤተ ክርስቲያኑ ወጣቶች በአዳራሹ ትምህርት እንዲሰጡ ጋበዟቸው። ታላቅ ወንድማቸው ከፊት ተቀምጠው በኩራት ያዳምጡ ነበር። መምህራችን ከአራቱ አጭር የሆነው ወንጌል እጅግ በቆዩት ቅጂዎች ላይ እንዴት እንደሚያበቃ አስረዱ። ሴቶቹ ባዶውን መቃብር አይተው፣ ደንግጠው ይሮጣሉ፤ ለማንም ምንም አይናገሩም፤ እዚያ ላይ ያልቃል። ከዚያ ቀጥሎ ያሉትን ቁጥሮች ሌላ እጅ ቆይቶ እንደጨመራቸው ብዙ ተመራማሪዎች እንደሚስማሙ ተናገሩ። ችግሩ ታላቅ ወንድማቸው በዚያው ሳምንት እሑድ የሰበኩት ከእነዚያው ቁጥሮች መሆኑ ነው። ሰባኪው ተነሡ።

«እና ከመቃብሩ ወዲያ ምንም የለም ነው የምትለን?»

«እንደሱ አልወጣኝም፣ ጋሼ። ጸሐፊው ብዕሩን ያስቀመጠው እዚህ ጋ ነው ያልኩት።»

«ለምን ያስቀምጣል?»

«አላውቅም። እኔም እዚያ ጋ ስደርስ ነው የምፈራው።»

ይህችን የመጨረሻዋን መልስ ከአዳራሹ ሰው የሰማት የለም ማለት ይቻላል፤ ጩኸት ነበር። በወሩ የሽማግሌዎች ጉባኤ መምህራችን በቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ ከማስተማር እንዲታገዱ ወሰነ። ከፈራሚዎቹ አንዱ ታላቅ ወንድማቸው ነበሩ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሁለቱ አልተነጋገሩም።

አልተነጋገሩም እንጂ አልተለያዩም። መምህራችን አንድም እሑድ ሳይቀሩ ከኋላው አግዳሚ ላይ ይቀመጡ ነበር። ሰባኪው ከመድረክ «አንዳንድ የተማሩ ሰዎች…» ሲሉ የምእመኑ አንገት ሁሉ ወደ ኋላ ይዞራል፤ መምህራችንም አብረው ዞር ብለው ከኋላቸው ያለውን ግድግዳ ያያሉ። ሲወጡ ለበር ጠባቂው «ለሰባኪው ንገርልኝ፤ የዛሬው ጥቅስ ምዕራፉ ተሳስቷል» ይሉታል። በሳምንቱ ሰባኪው፣ ማን እንዳረማቸው ትንፍሽ ሳይሉ፣ ምዕራፉን አስተካክለው ይጠቅሳሉ። ባለቤታቸው በ2004 ዓ.ም. ሲያርፉ ቀብሩን ያስፈጸሙት ሰባኪው ናቸው። ያን ዕለት ለወንድማቸው አንድ ቃል ተናገሩ፤ «አይዞህ» የሚል። መምህራችን ራሳቸውን ነቀነቁ። ዕርቁ ይኸው ነው ብለን ስንጠብቅ፣ ሁለቱም ኮታቸውን ለብሰው በየፊናቸው ሄዱ።

እዚህ ላይ ስለ መቃብሩ ስፍራ መናገር ግድ ይላል። አባታቸው የቤተ ክርስቲያኑን ማማ ሰዓት ዕድሜያቸውን ሙሉ ያለ ክፍያ ስለጠገኑ፣ ቤተ ክርስቲያኑ ከማማው ሥር ለቤተሰቡ አንድ ረድፍ ሰጥቶ ነበር። የመምህራችን ባለቤት ሲያርፉ በስተቀኛቸው የመምህራችን፣ በስተግራቸው የሰባኪው ቦታ ተብሎ በካርታው ላይ ተጻፈ።

መምህራችን በ2005 ዓ.ም. ጡረታ ወጡ። ከሁለት ዓመት ወዲህ ኩላሊታቸውን ታመው በልጃቸው በመድኃኒት ቀማሚዋና በሐኪሞች ሲረዱ ቆይተው ባለፈው ማክሰኞ ማለዳ በተወለዱ በ73 ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለይተዋል። ሰኞ ከሰዓት በኋላ ግን ማንም ያልጠበቀው ሰው የተኙበትን የሆስፒታል ክፍል በር አንኳኩቶ ነበር፤ ታላቅ ወንድማቸው። ሁለቱ ለብቻቸው ቆዩ።

ማክሰኞ ወሬው ከተማውን አዳረሰ። ጠዋት ላይ መምህሩ በወንድማቸው ፊት ራሳቸውን ነቅንቀው ተጸጽተዋል ተባለ። ቀትር ላይ አልቅሰዋል ተባለ። ማታ መጻሕፍታቸው እንዲቃጠሉ ተናዝዘዋል ተባለ። ከሁሉ ይበልጥ የተሟላ ታሪክ የነበራቸው የሽማግሌዎች ጉባኤው ሰብሳቢ ሲሆኑ፣ እሳቸው በዚያ ሳምንት በሆስፒታሉ በር እንኳ አላለፉም። መምህራችን በሕይወት ቢኖሩ ኖሮ ለዚህ የትኛውን ቀለም እርሳስ እንደሚያነሡ ተማሪዎቻቸው ያውቃሉ።

ሰብሳቢው ወደ ለቅሶው ቤት መጥተው ነገሩን በለሆሳስ አስረዱ። ደንቡ የታገደ ሰው ንስሐ ካልገባ በቅጥሩ ውስጥ የመቃብር ቦታ እንዲሰጠው አይፈቅድም። «እኔ በበኩሌ ቅር አይለኝም፤ በሕይወት ታሪኩ ላይ ‹በመጨረሻ ሰዓታቸው ከትምህርታቸው ተመልሰው› የምትል አንዲት ሐረግ ብቻ ትግባ። ያለዚያ የከተማው ዳር መቃብር አለ» አሉ። የመምህራችን ልጅ ወደ መስኮቱ ዞረች። እናቷ ከማማው ሥር ናት፤ አባቷ ለዚያች ስፍራ ሲሉ ሌላ ከተማ የተሰጣቸውን ሥራ እንኳ ትተዋል። ሐረጓ ግን አባቷን መልሳ የምትገድል መሰላት። «ማን አየ?» አለች።

ሰኞ ዕለት በሆስፒታሉ ክፍል አቅራቢያ የነበሩት ሦስት ናቸው። ነርሷ በመስተዋቱ አሻግራ ሁለቱ ሲስቁ አየሁ ብላለች። ልጃቸው ሲያለቅሱ አየሁ ትላለች። ሁለቱም የሚስማሙበት አንድ ነገር ቢኖር ሰባኪው ወንጌሉን ዘግተው ጭናቸው ላይ ማኖራቸው ነው። ሦስተኛው ምስክር ራሳቸው ሰባኪው ናቸው። ትናንት ጉባኤው ፊት ቀረቡ። አንዲት «አዎ» ብትወጣቸው ወንድማቸው ስፍራውን፣ እሳቸው የዘመናት ክርክራቸውን ድል፣ ሰብሳቢው ደንባቸውን ያገኙ ነበር።

«አባታችን፣ ወንድምዎ መቼም ተጸጽተዋል አይደል?» አሉ ሰብሳቢው።

ሰባኪው ተነሡ።

«አልተጸጸተም» አሉ። «አንብብልኝ አለኝ፣ አነበብኩለት። ሴቶቹ ፈርተው ለማንም ምንም አልተናገሩም የሚለው ጋ ስደርስ ጣቱን አነሣ። እኔ ዕድሜዬን የሰበክሁት ከዚያ ወዲያ ያለውን ነው። ምላሴ ላይ ነበር። ፊቱን አየሁትና ዘጋሁት። ‹አመሰግናለሁ፣ ጋሼ› አለኝ። ይኸው ነው።»

ከሽማግሌዎቹ አንዱ ተስፋ ሳይቆርጡ፣ «ማመስገናቸው ራሱ እኮ እንደ ንስሐ ሊታይ…» ብለው ጀመሩ።

«ያመሰገነኝ ስላቆምኩለት ነው፣ አንተ ሰው!» አሉ ሰባኪው። «ያላየሁትን መስክሬ ወንድሜን አልቀብርም።»

«እንግዲያስ ቦታውን መስጠት አንችልም» አሉ ሰብሳቢው።

«የሱን አትስጡ። በግራ በኩል ያለው የኔ ነው፤ በክብር ሰጥታችሁኛል፤ ለማን እንደምለቅ ደንባችሁ አይከለክልም። እዚያ ይተኛ። እኔ ስሞት በሱ ቦታ ታስገቡኛላችሁ። ያን ጊዜ ደግሞ ስለኔ ንስሐ ተሰብሰቡ!»

ደንቡ ከዳር እስከ ዳር ተገላበጠ፤ የሚከለክል አንቀጽ አልተገኘም። ሰብሳቢው የመጨረሻ ቃላቸውን ሲሰጡ ካርታውን አንነካም፣ የተጻፈው እንደተጻፈ ይቆያል አሉ። ጉድጓዱ ዛሬ ጠዋት ተቆፍሯል።

ስለዚህ የተከበራችሁ ለቀስተኞች፣ መምህራችን ዛሬ ከባለቤታቸው በስተግራ ያርፋሉ። የቤተ ክርስቲያኑ ካርታ ግን በዚያ የተኙት ሰባኪው ናቸው ብሎ ይናገራል። እኛ ሁላችን ካለፍን በኋላ አንድ መነጽር ያደረገ ተመራማሪ መጥቶ፣ ካርታውንና ይህን ወረቀት ጎን ለጎን ዘርግቶ፣ ቀለም እርሳሱን እንደሚያነሣ አንጠራጠርም። ማን አየ? ብሎ ይጠይቃል። እናንተ ናችሁ ያያችሁት። ለልጆቻችሁ ስትነግሩ ባንድ ቃል አትንገሩ፤ አንዱ የሰባኪውን እጅ በሣጥኑ ላይ፣ ሌላው የልጃቸውን ፊት፣ ሌላው የሰብሳቢውን ጃንጥላ ያስታውስ። እንደዚያ ከሆነ ይታመናል።

መምህራችን አንዲት ሴት ልጅ፣ አንድ የልጅ ልጅ፣ አንድ ታላቅ ወንድምና «ማን አየ?» ማለት ያልተዉ ብዙ ተማሪዎችን ትተው አልፈዋል።

ሁሉን ያየ አምላክ ነፍሳቸውን፣ መጠየቅ ማንንም በማያስቀይምበት ስፍራ ያሳርፍልን።