ደህና ነኝ በማለቷ መድኃኒት ስለተከለከለችው ባለቤቴ

ቤድፎርድ ላይ የማሪዋና መድኃኒት ለሚያዙት ለተከበሩት ዋና ሐኪም፣

ክቡር ሆይ፣ እንደምን ከረሙ? ቤተሰብዎ፣ ወንበርዎ፣ ኮምፒዩተርዎ፣ ግድግዳው ላይ የሰቀሏቸው ዲፕሎማዎች ሁሉ ደህና ናቸው? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ይህችን የመጨረሻዋን ቃል ግን ፋይላችን ላይ እንዳያሰፍሩብኝ በትሕትና እለምናለሁ፤ ምክንያቱን ወደ ታች ያገኙታል።

ሀብቴ ወልደሰንበት እባላለሁ፣ እዚሁ ቴክሳስ፣ የጋርላንድ ነዋሪ ነኝ። ፊደል አልቆጠርኩም፤ አላፍርበትምም። የምናገረውን እየሰማች የምትጽፍልኝ ጎረቤቴ የትምወርቅ ናት። በአማርኛ የጻፍኩልዎ ደግሞ በርዎ ላይ «አማርኛ አስተርጓሚ አለን» የሚል ስለለጠፉ ነው። እንግዲህ ያስተርጉሙት።

ባለቤቴ ተዋበች አምና አልማዝ ባለጭራ ወጣባት። ቁስሉ ደረቀ፤ ሕመሙ ግን ከግራ ጎኗ አልለቅ አለ። የነርቭ ሐኪሟ ያልሞከረላት ኪኒን የለም፤ አንዱ ሲያደነዝዛት አንዱ ሲጥላት ከርሞ በመጨረሻ «የቀረው እዚያ ነው» ብሎ ወደ እርስዎ ላካት። እኔ በዕድሜዬ ሙሉ ሀሺሽ አጫሽ ሳይ መንገድ የምሻገር ሰው ነኝ። ለእሷ ስል ግን ኩራቴን ዋጥ አድርጌ መጣሁ። ቅሬታዬ እነሆ።

አንደኛ፣ ስለ ካርዱ። ኦክላሆማ ያለው የእህቴ ልጅ ነቢዩ ፎቶው ያለበት የበሽተኛ መታወቂያ አለው፤ ሲያሳየን እንደ ሹመት ደብዳቤ ነው ከፍ የሚያደርገው። እኔም ለተዋበች እንደዚያው ይሰጣል ብዬ፣ ፀጉሯን አሠርቼ ፎቶ አስነሳኋት። መግቢያው ላይ የተቀመጠችው ልጅ ግን ፎቶውን አይታ ሳቀችና ቴክሳስ ውስጥ ካርድ የሚባል ነገር እንደሌለ፣ ዶክተሩ ፈቃዱ ከሆነ ስሟን ኮምፒዩተር ውስጥ እንደሚያስገቡላት ነገረችን። ለአውቶቡስ ካርድ፣ መጽሐፍ ለመዋስ ካርድ፣ ለዶሮ ጥብስ ሱቅ እንኳ ካርድ ባለበት አገር ሕመም ብቻ ካርድ እንደሌለው ስላስተማራችሁኝ አመሰግናለሁ። ፎቶው አምሮባታል፤ ቴሌቪዥኑ አጠገብ አቁሜዋለሁ።

ሁለተኛ፣ ስለ ምርመራው። ተዋበች ከታመመች ወዲህ ነጠላ ጎኗን ሲነካት እሳት እንደነካት ነው የምትሆነው። ቤት ውስጥ የምትለብሰው የእኔን ሰፊ ሸሚዝ ነው። ያን ቀን ግን «ትልቅ ሰው ፊት ነው የምቀርበው» ብላ ነጭ ነጠላዋን አጣፋች። ከጋርላንድ ቤድፎርድ ድረስ በየትምወርቅ መኪና ስንመጣ የመኪናውን ቀበቶ በሁለት እጇ ከጎኗ አርቃ ይዛ ነው የመጣችው። መኪናው ሲነጥር «ማርያም» ትላለች። በርዎ ላይ ስትደርስ ፊቷን ጠረገች፣ ነጠላዋን አስተካከለች፣ ፈገግ አለች።

ገባን። እርስዎም እንደ ጨዋ «እንዴት ነሽ?» አሏት። እሷም እንደ ጨዋ «እግዚአብሔር ይመስገን፣ በጣም ደህና ነኝ፤ እርስዎስ ደህና ነዎት?» አለች። አስተርጓሚዎ በስክሪኑ ውስጥ ሆና ሳትጨምር ሳትቀንስ አስተረጎመች፤ እርስዎም ጻፉ። ለሥራ ትጋትዎ ምስጋናዬ ይድረስዎ። ክቡር ሆይ፣ በእኛ ዘንድ እንዴት ነህ ሲባል ተመስገን የማይል ሬሳ ብቻ ነው።

ቀጥለው ሕመሟን ከዜሮ እስከ አስር እንድትቆጥርልዎ ጠየቋት። አስሩን ለጌታ ስቅለት ተወችው። ዘጠኙን ምጥ ላይ ላሉ ሴቶች፣ የቀረውን ከእሷ ለባሱ ሁሉ አከፋፈለችና ለራሷ ሁለት ወሰደች። ከዚያ የሚስቁና የሚያለቅሱ ፊቶች የተሣሉበትን ወረቀት አቀረቡላት። የሚያለቅሰውን ማሳየት ሟርት ነው ብላ የሚስቀውን ነካችልዎ። ያንንም ጻፉ።

ሦስተኛውን የትምወርቅ «ጋሼ፣ ይሄ እኮ ስድብ ነው፣ እኔ በእጄ አልጽፈውም» ስላለች ቁጥሩን ባዶ ትተነዋል። ምን እንደነበር እርስዎ ይድረሱበት፤ የተማሩ ሰው ነዎት።

አራተኛ፣ እኔ ልናገር ስል እጅዎን አንስተው በሽተኛዋ ራሷ ትናገር አሉኝ። በሚስቱ አፍ ለሚናገር ባል ደግ ሕግ ነው። ሆኖም ተኝታ ስትገላበጥ የምታቃስተው እኔ አጠገብ ነው። ነቅታ የማትለውን ተኝታ ትለዋለች፤ እኔ ነኝ የምሰማው። እርስዎ የተጠየቀችውን ሰሙ፣ እኔ ያልተጠየቀችውን።

ስንመለስ መኪና ውስጥ፣ ቀበቶውን እንደዚያው አርቃ ይዛ፣ «ሀብቴ፣ ጨዋ ሰው ነው፤ አላስቀየምኩትም አይደል?» አለችኝ። ከዚያ ሕመሟ ለመድኃኒቱ የሚያበቃ አይደለም የሚል ደብዳቤዎ መጣ። ከመጣ ወዲህ እንደገና እንሂድ ብዬ ቤት ውስጥ አስለማምዳታለሁ። «አስር በይ» እላታለሁ። «ዛሬ አስር ብል፣ ነገ ሲብስብኝ ምን ልል ነው?» ትለኛለች። ይህን የሚመልስ ዲፕሎማ ካለዎት ይላኩልኝ።

የዚህ ደብዳቤ ግልባጭ በሰፈራችን ባልትና ሱቅ በር ላይ ተለጥፎ ለምታነቡት ወገኖቼም አንድ ቃል አለኝ። «ሀብቴ በእርጅናው ሀሺሽ ጀመረ» እያላችሁ ነው አሉ። አልጀመርኩም፤ ከለከሉን። ደስ ይበላችሁ።

ክቡር ሐኪም ሆይ፣ ልመናዬ አንዲት ናት። ተዋበችን እንደገና ይጥሯት። ቁጥር አይጠይቋት፣ ፊት አያሳዩዋት። ሲጨርሱ ብቻ ከወንበርዎ ተነስተው እስከ መኪናው ድረስ ይሸኙን፤ በእኛ አገር እንግዳ ይሸኛል። በሩ ላይ ቆመው ቀበቶዋን ስታስር ይዩ። ከዚያ ስሟን ኮምፒዩተሩ ውስጥ ያስገቡ ወይም አያስገቡ፤ እግዜር ያያችኋል፣ እርስዎንም ኮምፒዩተሩንም።

ውድ ጊዜዎን ስለወሰድኩ ይቅርታ እየጠየቅሁ፣ ለእርስዎ ረጅም ዕድሜ፣ ለጎንዎ ጤና እመኛለሁ።

እስክሪብቶ በማያውቀው፣ ነገር ግን አንድም ቀን ለውሸት ባልተጫነው አውራ ጣቴ አትሜያለሁ፣
ሀብቴ ወልደሰንበት፣ የተዋበች ባል

ተጨማሪ፦ ከላይ ስለ ጤናዎ ጠይቄዎታለሁና መልስዎን እጠብቃለሁ። ደህና ነኝ ካሉ ግን እኔ ፋይል አልዘጋም፤ ቀበቶዎን ሲያስሩ ሳላይ አላምንዎትም።