ከጭላዶች ጋር መቀመጥ

ሰኞ

አስጎብኚው ሙላት ታመመ። ረቡዕ የሚወጡትን እንግዶች እኔ እንድወስድ ተወሰነ። የአስጎብኚዎች ማኅበራችን ሰብሳቢ አቶ ታከለ ይህን የነገረኝ መንገድ ላይ ቆሞ፣ እጁን ኪሱ ውስጥ ከትቶ ነው፤ ተራ ነገር እንደሚያወራ ሰው። "ትችያለሽ አይደል ትርንጎ?" አለኝ። "እችላለሁ" አልሁ። ቤት እስክደርስ ግን መቻሌን ተጠራጠርሁ።

ቡድን ብቻዬን መርቼ አላውቅም። ሁልጊዜ ከኋላ ነኝ፤ የዘገየውን ስጠብቅ፣ ውሃ ሳቀብል። እንግዳ ድርሽ ባላለባቸው ጊዜያትማ ደባርቅ ገበያ ዳር ከአክስቴ ጋር ጨርቅ ስሸጥ ነው የከረምሁት። አሁን ሰው መምጣት ጀምሯል፤ ጠብ ጠብ እያለ።

ሥራው ሲያወሩት ቀላል ነው። ከአራት የማይበልጡ ሰዎችን ይዞ ሰሜን ተራሮች ላይ ወዳለው ቡይት ራስ መውጣት፣ ጭላዳ የሚባሉት ዝንጀሮዎች ሣር በሚግጡበት ሜዳ ማስቀመጥ፣ ከዚያ ዝም ማለት። መንካት የለም። ማብላት የለም። ዓይን ዓይናቸውን ማየት የለም። በእናትና በልጅ መሀል መግባት በፍጹም የለም። መቅረብ ከፈለጉ እነሱ ይቀርባሉ፤ እኛ አንሄድባቸውም።

እናቴ የዳባት ገበሬ ልጅ ናት። ስነግራት ሳቋ አልቆም አላት። "እኔ ከገብሳችን ላይ በወንጭፍ ሳባርራቸው አደግሁ፤ አንቺ ደግሞ ሰው ወስደሽ ታስቀምጭላቸዋለሽ?"

አመሻሽ ላይ ከእንግዶቹ አንዷ ከባሕር ዳር ደወሉ። ወይዘሮ አስቴር ይባላሉ። ልጃቸውን ሕሊናን ይዘው ይመጣሉ። ሕሊና ከሕፃንነቷ ጀምሮ አትሰማም። "ግድ የለም፣ ከአጠገቤ አትለይም" አሉኝ። እሺ አልሁ። ስልኩን ከዘጋሁት በኋላ ግን ሜዳው ጫፍ ያለው ገደል ከዓይኔ አልጠፋ አለ። ብጠራት አትሰማኝም።

ማክሰኞ

ገቡ። ሁለቱ ሙሽሮች ናቸው፤ ዮናስና ማርታ። ሠርጋቸው ከተደገሰ ገና ሳምንቱ ነው፤ ሁሉም ነገር ያስቃቸዋል። ዮናስ ሻንጣውን ሳያወርድ "ጭላዳ ትከሻ ላይ ይወጣል?" ብሎ ጠየቀኝ። አይወጣም።

ወይዘሮ አስቴር ቀጠን ያሉ፣ ቶሎ ቶሎ የሚናገሩ ሴት ናቸው። ሕሊና ረዥም ናት። ገና ስንተዋወቅ ፊቴን ትክ ብላ አየችውና ፈገግ አለች፤ መፍራቴን ያወቀችብኝ መሰለኝ።

ደንቡን ሆቴሉ በረንዳ ላይ ነገርኋቸው። ወይዘሮ አስቴር በእጃቸው ለልጃቸው ያስተረጉማሉ። እኔ ብዙ አወራሁ፤ እሳቸው ጥቂት አስተረጎሙ። ሕሊና ስልኳን አውጥታ ጻፈችና አሳየችኝ። "እናቴ ግማሹን ታስቀረዋለች። አንቺ ራስሽ በእጅሽ አሳይኝ።"

አሳየኋት። ተቀመጪ። ቆዪ። ቀስ በይ። ወደኔ ነይ። እሷ ደግሞ ትክክለኛውን ምልክት አስተካክላ መለሰችልኝ፤ ጣቴ እንደ እንጨት ስለሆነ ማርታ ሳቀችብኝ። ጉም እንዴት እንደሚባል አላወቅሁም። መዳፌን ፊቴ ላይ አድርጌ ዓይኔን ሸፈንሁ፤ ከዚያ ሁለት እጄን ወደ መሬት ተጫንሁ። ጉም ሲመጣ መቀመጥ። ባሉበት። አለመነሣት። ደግማ ሠራችልኝ። ይህን ሙሽሮቹም አብረው ሠሩት።

ወይዘሮ አስቴር ግን አልተደሰቱም። ወደ ጎን ወሰዱኝና "ከሷ ጋር በቀጥታ አትነጋገሪ፣ በእኔ በኩል ይሁን። ያልገባትን ገባኝ ትላለች" አሉኝ።  እሺ አልሁ። የማደርገው ግን አይመስለኝም።

ረቡዕ

በጠዋት ወጣን። የፓርኩ ጥበቃ የሆኑት ስካውታችን አያ ፈንቴ ጠመንጃቸውን ትከሻቸው ላይ ጣል አድርገው ከፊት፣ እኔ ከኋላ። ግማሽ መንገድ ላይ መሪዋ እኔ መሆኔ ትዝ አለኝና ወደ ፊት አለፍሁ። አያ ፈንቴ መንገድ ለቀቁልኝ። ይህችን ነገር አልረሳትም።

ጭላዶቹ ከገደሉ ወጥተው ፀሐይ ይሞቃሉ። አስቀመጥኋቸው። መጀመሪያ ራቅ ብለው አዩን፤ ከዚያ ናቁንና ወደ ሣራቸው ተመለሱ። ቀስ በቀስ እየጋጡ ቀረቡ። ሳናስበው መሀላቸው ሆንን። ዙሪያችንን ጣታቸው ሣር ሲነጭ ብቻ ይሰማል። ማርታ አለቀሰች። ለምን እንደሆነ እሷም አላወቀችም።

ዮናስ ግን ብስኩት ይዞ ኖሯል። ከኪሱ ሲያወጣ አላየሁትም። ያየችው ሕሊና ናት፤ እሱን ሳይሆን ደረተ ቀዩን ትልቁን ወንድ። ጭላዳው የላይኛውን ከንፈሩን ገልብጦ ድዱን አሳይቷል፤ ቅንድቡን ወደ ላይ ስቧል። ሲቆጣ እንዲህ ነው። ድምፅ አላወጣም። ሕሊና ክንዴን ያዘችና ወደሱ አመለከተችኝ። "ዮናስ፣ እጅህን ወደ ኪስህ መልስና ዝቅ በል" አልሁት፤ ቀስ ብዬ። መለሰ። ጭላዳው ትንሽ ቆየና ጀርባውን ሰጠን። ዮናስ ከዚያ በኋላ ለረዥም ጊዜ አልሳቀም።

ስንመለስ ሕሊና ጻፈችልኝ፤ "ፊታቸው ግልጽ ነው። እንደ ሰው አይደብቁም።"

ወይዘሮ አስቴር ቀኑን ሙሉ አልተቀመጡም። ቆመው ልጃቸውን ሲጠብቁ ዋሉ። ጭላዶቹን ያዩዋቸው አይመስለኝም።

እግሬ ዝሏል። ደስ ብሎኛል። ማንም አልተነከሰም።

ሐሙስ

ሁሉም ደኅና ናቸው። መጀመሪያ እሱን ልጻፍ። ሁሉም ደኅና ናቸው።

ሙሽሮቹ ጭላዶቹ ለአዳር ወደ ገደሉ ሲወርዱ ካላየን አሉ። ሰማዩ ጥርት ያለ ነበር፤ አያ ፈንቴም አሻቅበው አይተው እሺ አሉ። ከቀትር በኋላ ወጥተን ከገደሉ ራቅ ብለን ተቀመጥን። ሕሊና ከእኛ ወደ ገደሉ በኩል ፈንጠር ብላ፣ ልጇን ያዘለች አንዲት ጭላዳ አጠገብ ነበረች። ትታየኛለች። እናቷም ያዩዋታል።

ጉሙ ከቆላው ነው የመጣው። እንደሌላው ጊዜ ቀስ እያለ አልነበረም። በገደሉ አፍ ዘልቆ ሣሩን ሸፈነው፤ ከዚያ ጭላዶቹን፤ ከዚያ ሕሊናን። ወዲያው የራሴ ጫማ እንኳ አልታይ አለኝ።

ወይዘሮ አስቴር ስሟን እየጠሩ ተነሡ። እንደማትሰማቸው ከማንም በላይ የሚያውቁት እሳቸው ናቸው፤ ግን ጠሩ። ሊሮጡ ሲሉ ወገባቸውን ይዤ አስቀረኋቸው።

"ልቀቂኝ፣ ልጄ ናት።"

"እርስዎ ከሮጡ የምፈልገው ሁለት ሰው ነው" አልኋቸው። እንዲህ ያለ ድምፅ ከእኔ ወጥቶ አያውቅም።

አያ ፈንቴ ከጉሙ ውስጥ "ይቀመጡ እሜቴ" አሉ። "ጉሙ እስኪነሣ ማንም እግሩን አያንሣ።"

ተቀመጡ። ስሟን መጥራት ግን አላቆሙም፤ ቀስ እያሉ፣ ለራሳቸው። ጭላዶቹ ሲንጫጩ ይሰማ ነበር፤ ከዚያ ድምፃቸው እየራቀ፣ እየወረደ ሄደ። ወደ ገደሉ እየገቡ ነው። ያች ልጅ ተከትላቸው ብትሄድስ? ተነሥታ እኛን ፍለጋ በተሳሳተ አቅጣጫ ብትራመድስ? ያሳየኋት ምልክት እውነት ገብቷት ነበር? ወይስ እናቷ እንዳሉት ያልገባትን ነው ገባኝ ያለችው? ይህን ሁሉ በልቤ እያሰብሁ በአፌ "ደኅና ናት፣ ተቀምጣለች" እላለሁ።

የወይዘሮ አስቴር ስልክ ጮኸ። እዚያ ሜዳ ላይ ኔትወርክ ሲፈልግ ይገባል፣ ሲፈልግ ይጠፋል። የሕሊና መልእክት ነው፤ ስልኩን ተቀብዬ እኔ አነበብሁት። "ተቀምጫለሁ። አልተነሣሁም። ምንም አይታየኝም።"

ደጋግሜ አነበብሁላቸው።

እስኪገለጥ መጠበቅ ይቻል ነበር። ግን ብርዱ በርትቷል፤ ፀሐይም እያዘቀዘቀች ነው፤ ጉሙ እዚያው ሊያድር ይችላል። አጠገቧ ምን እንዳለ ጽፌ ጠየቅኋት። "ጉሙ ሳይመጣ በግራዬ ብቻውን የቆመ አስታ ነበር" አለችኝ። ያን ዛፍ አውቀዋለሁ፤ ትናንት ቦርሳዬን የሰቀልሁበት ነው። ከዚያ ወዲያ ጥቂት ሣር ነው፤ ከሣሩ ወዲያ ምንም የለም።

የአያ ፈንቴን ጋቢ፣ የወይዘሮ አስቴርን ጋቢና የማርታን ፎጣ ቋጥረን አስረዘምን። አንዱን ጫፍ ወገቤ ላይ አሰርሁ፤ ሌላውን አያ ፈንቴና ዮናስ ያዙ። "ሲወጠር እንጎትትሻለን" አለኝ ዮናስ። ድምፁ የልጅ ድምፅ ሆኖ ነበር። ለሕሊና የስልኳን መብራት እንድታበራ ጻፍሁላትና በእጅና በጉልበቴ ሄድሁ። መሬቱን በመዳፌ እየዳበስሁ ነው የምሄደው። ሣር፣ ድንጋይ፣ ሣር። አንድ ቦታ ላይ ትክክል መሄዴን ተጠራጠርሁና ቆምሁ። ማልቀስ አማረኝ። ከዚያ በስተቀኜ ነጣ ያለ ነገር አየሁ፤ ብርሃን ይሁን ጉም አይለይም። ወደሱ ዞርሁ። የዛፉን ግንድ ነካሁ። ከዚያ ጉልበቷን።

አልደነገጠችም። ሁለት እጄን ያዘችና አጥብቃ ጨመቀቻቸው። እጇ በረዶ ሆኗል። በአንድ እጇ ሣሩን ጨብጣ ስለቆየች ጣቶቿ መሀል አፈር ነበር።

ጨርቁን ተከትለን በእንብርክክ ተመለስን። ወይዘሮ አስቴር መጀመሪያ ትከሻዋን መቷት፤ ከዚያ ጭንቅላቷን እቅፋቸው ውስጥ አስገቡት። የጨርቁን ጫፍ ከዮናስ እጅ ማስለቀቅ አልተቻለም፤ ማርታ ጣቶቹን አንድ በአንድ ፈታቻቸው።

ጉልበቴ ተልጧል። 

ዓርብ

ጠዋት ለአቶ ታከለ ሁሉንም ነገርሁት፤ ምንም አላስቀረሁም። ከአሁን በኋላ እንዳልመራ ይነግረኛል ብዬ ነበር። ጉንጩን እያሸ "ምን ይሻላል ትያለሽ?" አለኝ። የጉሙ ወራት እስኪያልፍ ከቀትር በኋላ ቡድን ባይወጣ፣ አስጎብኚም ረዥም ገመድ ቢይዝ ይሻላል አልሁት። "እሺ፣ እንደሱ ይሁን" አለ። ከዚያ ጉልበቴን አየና "በጨው ውሃ እጠቢው" አለኝ። በቃ። ይኸው ነው።

ሆቴሉ ውስጥ ግን ሌላ ነገር ጠበቀኝ። ወይዘሮ አስቴር ሻንጣቸውን ሸክፈዋል። ሕሊና አልሄድም ብላለች። ሁለቱ በእጃቸው ሲጣሉ አየሁ፤ ድምፅ የሌለው ጠብ ለካ ከሌላው ይብሳል። ሙሽሮቹ ሽሮአቸውን ትተው አንገታቸውን አቀርቅረዋል።

"አንቺ ንገሪያት" አሉኝ ወይዘሮ አስቴር። "ትናንት ልትሞት ነበር በያት።"

 ያየሁትን ተናገርሁ። "ከእኛ ሁሉ ያልተደናገጠችው እሷ ናት። ተቀመጪ የተባለችውን ተቀመጠች፤ ያለችበትን ነገረችን። እኔ መንገድ ላይ ተጠራጥሬ ቆሜ ነበር። እሷ አልተጠራጠረችም።"

ሕሊና ከንፈሬን ስታነብ ነበር። ወይዘሮ አስቴር ወንበር ስበው ተቀመጡ። "የአምስት ዓመት ልጅ ሳለች ገበያ ውስጥ ጠፍታብኝ ነበር" አሉ። "ስጮህ፣ ስጮህ… ከዚያን ቀን ጀምሮ እጇን ለቅቄ አላውቅም።" ይህንን በአፋቸውም በእጃቸውም ነው ያሉት። ሕሊና የማታውቀው ነገር ኖሯል። ተነሥታ ሄዳ ከእናቷ እግር አጠገብ ወለሉ ላይ ተቀመጠች። እኔ ከክፍሉ ወጣሁ።

ይሂዱ ይቆዩ አላውቅም።

ቅዳሜ

ቆዩ።

ጠዋት ሰማዩን ከአያ ፈንቴ ጋር ሁለት ጊዜ አየን። ገመድ ይዣለሁ። ዮናስ ጥቅልሉን እኔ ልሸከም ብሎ ግድ አለኝ።

ሜዳው ላይ ስንደርስ ሕሊና በዓይኗ ጠየቀችኝ፤ ከገደሉ ርቆ ያለውን ቦታ አሳየኋት። ብቻዋን ሄዳ ተቀመጠች። ወይዘሮ አስቴር ቆመው አዩአት። እግራቸው ወደሷ ሊሄድ ሲነሣ አየሁ፤ መለሱት። ከዚያ ነጠላቸውን ሰብሰብ አድርገው እኔ አጠገብ ሣሩ ላይ ተቀመጡ።

ጭላዶቹ ቀረቡ። አንድ ግልገል ከእናቱ ጀርባ ወርዶ በወይዘሮ አስቴር እግር አጠገብ አለፈ፤ ቆም ብሎ የጫማቸውን ክር አየና ሄደ። ትንፋሻቸውን ይዘው ነበር። "ጣታቸው እንደኛ ነው" አሉኝ በሹክሹክታ። ከዚያ ብዙ ቆዩ። ልጃቸውን ዞረው አላዩም። ጭላዶቹን ነው ያዩት።

ከቀትር በፊት ወረድን። መኪናቸው ሲነሣ ወይዘሮ አስቴር በመስኮቱ እጄን ያዙና "ስልክሽን እንዳትቀይሪ ልጄ" አሉኝ። ሕሊና ከኋላ በእጇ አንድ ነገር አለችኝ፤ ምን እንደሆነ አላወቅሁም። አቶ ታከለ ማክሰኞ ስድስት ሰዎች እንደሚመጡ ነገረኝ። ሙላት ድኗል፤ አራቱን እኔ፣ ሁለቱን እሱ ይውሰድ አልሁት። አልተከራከረኝም።

ቤት ገብቼ ጋደም አልሁ። ስነቃ በመስኮቱ የገባችው ፀሐይ ግድግዳው ላይ ነበረች፤ ጎረቤት ሰው ምስማር ይመታል። እንደለመድሁት ወዲያው የምጨነቅበትን ነገር መፈለግ ጀመርሁ። ፈለግሁ፣ ፈለግሁ፣ አጣሁት። ገልበጥ ብዬ እንደገና ተኛሁ።