ቦታ ያልተገኘላት ሁለተኛ ገጽ

ለተከበሩ የከተማችን ውሃ አገልግሎት ጽሕፈት ቤት ሥራ አስኪያጅ

ክቡር ሆይ፣

እንደምን ሰንብተዋል? ቤተሰብዎስ ደኅና ናቸው? ከሁሉ አስቀድሜ ደረትዎ የቀለለ፣ ትንፋሽዎ ደረጃ ሲወጡ የማይቆራረጥ እንዲሆን ከልብ እመኛለሁ። አንድ የማያውቁት ሰው ስለ ሳንባዎ ይህን ያህል መጨነቁ ሊገርምዎ ይችላል፤ ታግሠው እስከ መጨረሻው ካነበቡ ምክንያቱን ያገኙታል። ሳያነቡ ቢተዉትም አልቀየምዎትም፤ አንድን ወረቀት ሳያነቡ መተው ምን እንደሚያስከትል ከእኔ የበለጠ የሚያውቅ የለምና።

እኔ ሃያ ስምንት ዓመት ኬሚስትሪ ያስተማርኩ መምህር ነኝ። መሥሪያ ቤትዎ ከወንዙ ውሃ ወደ ጥልቅ ጉድጓድ ውሃ ካዞረን አራት ዓመት ሆነ። ውሃው ንጹሕ ነው፤ ኖራው ግን ብዙ ነው። የቧንቧው አፍ ነጭ ቅርፊት አበጀ፤ የሻወሩ ቀዳዳዎች አንድ በአንድ እየተደፈኑ ውሃው ገላችንን ትቶ ግድግዳውን ማጠብ ጀመረ። መታጠቢያ ቤታችንን ያለ ቀለም ቀቢ ስላነጡልን እግረ መንገዴን አመሰግናለሁ።

ባለቤቴ ልብስ ሰፊ ነበረች፤ አስምም ነበረባት። ከሱቅ የምንገዛው ቅርፊት ማስለቀቂያ በተጠቀመች ቁጥር ሁለት ቀን ትራስ ተደግፋ ትቀመጥ ስለ ነበር፣ ቤት ውስጥ በሚገኝ ነገር የሚሠራ ማጽጃ አዘጋጀሁላት። የሚጠቅመው ለእኛ ብቻ አይደለም ብዬም ለመሥሪያ ቤትዎ ላክሁት። ምስጋናዬ ከዚህ ይጀምራል።

፩ኛ፣ ጽሑፌን ስለተቀበሉ አመሰግናለሁ። ሁለት ገጽ ነበር። አንደኛው ገጽ አሠራሩን ይናገራል፤ አንድ እጅ ኮምጣጤ ከአንድ እጅ ውሃ ጋር ቀላቅሎ ጨርቅ መንከር፣ ጨርቁን በቧንቧው ላይ ጠቅልሎ አንድ ሰዓት ማቆየት፣ ለቀረው ግማሽ ሎሚ ማሸት፣ ከዚያም በብዙ ውሃ ማጠብ። ሁለተኛው ገጽ በቀይ እስክሪብቶ የተጻፈ አንድ ነገር ብቻ ነበረው፤ ኮምጣጤም ሆነ ሎሚ ከበረኪና ጋር ፈጽሞ አይገናኝ፣ የሚወጣው ጋዝ ሳንባ ያቃጥላልና፣ የሚል።

፪ኛ፣ ጽሑፉን በሁለት ወር ውስጥ በሚያምር ወረቀት ስላሳተሙት አመሰግናለሁ። ከቧንቧ አጠገብ ቆመው ፈገግ ያሉበት ፎቶግራፍ በእውነቱ ጥሩ ወጥቷል። ስፋቱ ግን የገጹን ሲሶ ስለ ወሰደ ሁለተኛዋ ገጽ ቦታ አላገኘችም። ይህን በኋላ የነገሩኝ የሕዝብ ግንኙነት ኃላፊዎ ናቸው፤ “መምህር፣ ገጹ አልበቃ አለን” አሉኝ፣ ዓይኔን ሳያዩ። በሎሚ የሚያልቅ ምክር ለአንድ መሥሪያ ቤት ያንሳል ብለውም ከራሳቸው አንድ መስመር ጨምረዋል፤ ለግትር ቅርፊት በላዩ ላይ በረኪና ያፍስሱበት፣ የምትል። ክፋት የለባቸውም። ነጭ ልብስ ያነጣ ነገር ሴራሚክም ያነጣል ብለው ነው።

፫ኛ፣ ስሜን ስላልጠቀሱ አመሰግናለሁ። ይህኛው ምስጋና ወደ ራሴ የሚዞር ነው። በራሪ ወረቀቱን ከደንበኞች መስኮትዎ ይዛ የመጣችው ባለቤቴ ናት። “ይኸው ኮምጣጤህ ማህተም ተመታለት!” ብላ ሳቀችብኝ። እኔ ከላይ ስሜን ፈለግሁ፤ ከታች ፈለግሁ። ሳጣው ወረቀቱን በጠረጴዛው ላይ ገፋ አድርጌ የሌባ ጽሑፍ አላነብም አልኩ። እሷ ግን የወረቀቱን ጠርዝ በመቀሷ አስተካክላ በመታጠቢያ ቤቱ በር ጀርባ ለጠፈችው። የባሏ ሥራ ነዋ። አምስት ሳምንት ሙሉ ለፎቶዎ ጀርባዬን ሰጥቼ ታጠብኩ እንጂ አንዲት መስመር አላነበብኩም።

ቅዳሜ ጠዋት ነበር። እኔ ሳሎን የተማሪ ፈተና አርማለሁ። እሷ ጨርቁን እንዳሳየኋት በቧንቧው ላይ ጠቅልላ፣ ሰዓቱን ጠብቃ፣ ያልለቀቀውን ቅርፊት አይታ ወደ በሩ ዞር አለች፤ የተጻፈውንም አደረገች። ሳሏን ሰማሁ። ሁልጊዜ የምትስለው መስሎኝ ሁለት ወረቀት አርሜ ተነሣሁ።

ሐኪም ቤት በሦስተኛው ቀን የኦክስጅኑን ጭንብል ከፍ አድርጋ፣ “አንተ የጻፍከው መስሎኝ እኮ ነው” አለችኝ። ይቅርታ የምትጠይቅ ትመስል ነበር። በዘጠነኛው ቀን ዐረፈች።

የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም ይላሉ። ለዚያ ባል ቢያንስ ጅቡ የመጣበት ከውጭ ነው። እኔ በገዛ ቤቴ በር ላይ ተለጥፎ እያየሁት ፊቴን አዙሬ ሳሙና የመታሁ ነኝ። የጠቀለለችው ጨርቅ በቧንቧው ላይ እንደ ደረቀ አለ፤ ኖራ ይዞት ድንጋይ ሆኗል። የሚያስለቅቀውን አውቃለሁ፤ እጄ ግን እምቢ አለኝ።

፬ኛ፣ ወረቀቱ ከመስኮትዎ ይነሣልኝ ብዬ ላቀረብኩት አቤቱታ ቁጥርና ቀን ያለው መልስ ስለሰጡኝ አመሰግናለሁ። በሐዘኔ ማዘንዎን፣ እርማቱም አሁን ያለው የሕትመት ክምችት እንዳለቀ እንደሚታሰብበት ገልጸውልኛል። ሳይቃጠል በቅጠል የሚባለውን ተረት መሥሪያ ቤትዎ ያሻሻለው መሆኑን የተረዳሁት ያን ጊዜ ነው።

ካሣ አልጠይቅም። ማንም ከሥራው እንዲነሣ አልጠይቅም። ስሜንም አሁን አልፈልገውም። የምለምንዎ አንድ ነገር ነው፤ ያንን ክምር ዛሬውኑ ከመስኮቱ ያንሡት፣ በምትኩም ሁለተኛዋን ገጽ ብቻዋን ያትሟት። ፎቶዎ የግድ ከሆነ ከጀርባዋ ይሁን። በዛሬው ቀን አንዲት ሴት ወረቀቱን አጣጥፋ በቦርሳዋ ይዛ ወደ ቤቷ እየሄደች ነው፤ ባሏም እንደ እኔ ኩሩ ሊሆን ይችላል።

መሥሪያ ቤትዎን ጎንበስ ብዬ እጅ እየነሣሁ፣ ለእርስዎም ረጅም ዕድሜና ያልታፈነ ትንፋሽ እየተመኘሁ፣

ታዛዥዎ፣ የአንደኛው ገጽ ጸሐፊ

ማስታወሻ፦ ክምችቱ ይለቅ ስላሉ እንዲያልቅ እያገዝኩዎ ነው። በየጠዋቱ ከመስኮትዎ ተሰልፌ እጄ የቻለውን ያህል አነሣለሁ። ትናንት የጥበቃ ሠራተኛዎ፣ “ጋሼ፣ ስንት መታጠቢያ ቤት ነው ያለዎት?” ብሎ ጠየቀኝ፤ አንድ ነው አልኩት። ሁለት ሺህ ያህል ፈገግታዎ በባለቤቴ የስፌት መኪና ላይ ተከምሯል። አዲሱ ሲታተም ግን የመጀመሪያውን ቅጂ ለእኔ ይላኩልኝ። ስሜ ባይኖርበትም አነበዋለሁ።