ቀጥ ብሎ የሚገባበት በር

ይድረስ ባሕር ማዶ በጀርመን አገር ለምትገኘው ለውድ ወንድሜ ለተርማን ፕራይተር።

ለመሆኑ እንደምን ከርመሃል? ሰውነትህስ እንዴት ነው? ባለፈው ጥርሴን ነቀሉልኝ ብለህ ነበር፤ ድድህ ሻረልህ? ማኘክ ጀመርክ? እማዬ የአገሩን ብርድ ሰምታ የሹራብ ክር ገዝታ ተቀምጣለች፤ የአንገቱን ልክ ረሳሁት እያለች እስከ ዛሬ አልጀመረችውም እንጂ። እኔ እህትህ ቨርዴል ከናፍቆትህ በቀር ደህና ነኝ። አባባም ደህና ናቸው፤ መጋዛቸውም መዶሻቸውም ደህና ናቸው። አክስታችን ዚፖራ ጉልበቷን እያመማት ነው፤ ምላሷን ግን ምንም አልነካው፣ የሰፈሩን ወሬ ከእኔ ቀድማ ታደርሳለች። ትምባሆው ዘንድሮ ጥሩ ሆኖልናል፣ ጌታ ይመስገን።

በላክኸው ደብዳቤ «ክሊዮፈስ እንዴት ነው? አብረውኝ ላሉት ወታደሮች ታናሽ ወንድሜ በደመወዝ ፉትቦል ይጫወታል ብላቸው፣ ስሙን ሰምተን አናውቅም፣ ውሸታም እያሉ ይስቁብኛል» ብለሃል። አትፍረድባቸው። እኛም ከዌልስ ፎርክ ውጭ ስሙን የሚያውቅ ሰው እስካሁን አልገጠመንም። ነገሩ በሰው አፍ ተጣሞ ከሚደርስህ ሁሉንም ከእኔ ብትሰማው ይሻላል ብዬ ብዕር አነሳሁ። ደግሞም የምለምንህ ነገር አለኝ፤ እሱን ወደ ታች ታገኘዋለህ።

አንተ ወታደር ቤት ስትገባ ክሊዮፈስ ገና ስድስት ጫማ ተኩል ነበር። ከዚያ በኋላ ማን ሃይ ይበለው! ሰባት ጫማን አልፎ ነው የቆመው። ሰፈሩ መሰላሉ የሚል ስም አወጣለትና የክርስትና ስሙን አስረሳው። አባባ በምን ዓይን ያዩት እንደነበር ታውቃለህ። ሱሪው ባጠረ ቁጥር ሆን ብሎ ያሳጠረው ይመስል ይቆጡታል፤ በሰው ፊት «ጌታ ጨርቅ ሲተርፈው የሰፋው ልጅ» ይሉታል። ትምባሆ ሲለቀም መጀመሪያ የሚነሳው የታችኛው ቅጠል ነው፤ እሱ እዚያ ድረስ እስኪወርድ ደግሞ ጊዜ ይፈጃል። አባባ ከኋላው ቆመው «ሌላው መስመሩን ጨረሰ፣ አንተ ገና መንገድ ላይ ነህ?» ሲሉት ሰው ሁሉ ይስቃል። እሱም አብሮ ይስቃል፣ ልማዱ ነው።

ታዲያ የዛሬ ሁለት ዓመት አንድ የፉትቦል ቡድን ሰው መጥቶ ክሊዮፈስን ከኮሌጅ የወሰደው ጊዜ፣ የአባባን ነገር ባየህ! በማግስቱ መጋዛቸውን ይዘው ወጡና የፊት ለፊቱን በር ጉበን ቆርጠው ጣሉት። «ልጄ ከእንግዲህ በአባቱ ቤት አይጎነብስም» አሉ። ግድግዳውን ወደ ላይ ቀደው፣ አዲስ ጉበን አግብተው፣ ከጥድ ጣውላ ረጅም መዝጊያ ሠሩለት። ሰፈሩ ወጥቶ ቆሞ ያያል። ፀጉር አስተካካዩ ጋሽ ሌሙኤል «ዲያቆን ሆሴያ፣ ፈረሱን ከነጋላቢው ሊያስገቡ ነው እንዴ?» ቢላቸው፣ አባባ በቁጣ ፈንታ ሳቁ። ጣራው በዚያ በኩል ዘመም ብሎ ቀረ፤ ዝናብ ሲመጣ እማዬ ባልዲ ትደቅናለች፣ ግን ማንም ቅር አላለውም። ክሊዮፈስ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀጥ ብሎ ሲገባ ደጃፉ ላይ ቆም አለና ጉበኑን በመዳፉ ዳሰሰው። «ቨርዴል፣ በዓለም ላይ አንድ በር አለኝ» አለኝ። ያን ቀን እንደ ሕፃን ወጣ ገባ ሲል ነው የዋለው።

ቡድኑስ ምን አደረገው? አዲስ ገብ ተጫዋች ራት ላይ ወንበር ላይ ወጥቶ የተማረበትን ኮሌጅ መዝሙር ይዘምራል፣ ደንባቸው ነው። የእሱ ተራ ሲደርስ «አንተ ወንበር ላይ ከወጣህ ጣራው ይወርድብናል፤ ተንበርክከህ ዘምር» አሉት። ተንበርክኮ ዘመረ። ከዚያ ወዲያ የሰጡት ሥራ አንድ ብቻ ነው። ጨዋታውን ሙሉ ካፖርት ደርቦ አግዳሚ ላይ ይቀመጣል፤ ተጋጣሚው ሞላላዋን ኳስ በእግሩ መትቶ በምሰሶዎቹ መካከል ሊያሳልፍ ሲል «መሰላሉ፣ ውጣ!» ይሉታል። ሮጦ ገብቶ እጆቹን ሽቅብ ዘርግቶ ይቆማል። በቃ፣ አጥር ማለት ነው። ተጋጣሚዎቹ ሞኝ አይደሉም፤ «ዛፍ የሚቆረጠው ከሥሩ ነው» እያሉ አጫጭሮቹን ጉልበቱ ላይ ይለቁበታል። የግራ ጉልበቱ ዛሬ ሲታጠፍ እንደ ደረቅ እንጨት ይንቋቋል።

በሁለት ዓመት ውስጥ ኳሷን የነካት አንድ ጊዜ ነው። በክንዱ መለሳት፣ ቡድኑ አሸነፈ፣ ጋዜጣ ላይም ወጣ። ጋዜጣው ሲመጣ ለካ ፎቶው እሱ ላይ ሲደርስ አንገቱ ጋ ተቆርጧል! የሌላው ሁሉ ፊት አለ፤ የእሱ ጭንቅላት ከገጹ ውጭ ቀርቷል። እማዬ በመስታወት አስገብታ ሰቀለችው። እንግዳ «ልጅሽ የቱ ነው?» ሲላት «ጭንቅላት የሌለው» ትላለች። አክስቴ ዚፖራ ደግሞ ከጎን ሆና «እጁ የእሱ ነው፣ እኔ ነኝ እያጠብኩ ያሳደግኩት፣ አልስተውም» ትላለች።

እንግዲህ ወደ ዋናው ልምጣ። የቤተ ክርስቲያናችንን የመመለሻ እሑድ አልረሳኸውም፤ በየዓመቱ ኦገስት ላይ ከአገር የወጣ ሁሉ ተመልሶ ከዛፎቹ ሥር አብሮ የሚበላበት ነው። አባባ «ዘንድሮ ልጄ ተነስቶ ይናገራል» ብለው ለፓስተሩ ቀድመው ቃል ሰጥተው ነበር። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ክሊዮፈስ ሻንጣውን አንጠልጥሎ ብቅ አለ። እኛ ደግሞ ለበዓሉ የመጣ መሰለን! በዚያ ወር ቡድኖች ሁሉ ልምምድ ላይ እንደሆኑ፣ ለቤተ ክርስቲያን ድግስ ብሎ ተጫዋች የሚለቅ አሰልጣኝ እንደሌለ ማን ይንገረን? እማዬ እልል አለች። አባባ ከነሻንጣው አቀፉት። አባባ ሰው ሲያቅፉ አይተህ ታውቃለህ? ልጁ ሊናገር አፉን ከፍቶ ነበር፣ አይቼዋለሁ፤ መልሶ ገጠመው።

እሑድ በጉባኤው ፊት ተነስቶ «ስላሳደጋችሁኝ አመሰግናለሁ» ብሎ ተቀመጠ። ሰው አጨበጨበ፣ አባባ አንገታቸውን ቀና አደረጉ። ምግብ ቀርቦ ሁሉም ዶሮውንና የበቆሎ ዳቦውን ይዞ ከዛፉ ሥር ሲቀመጥ ግን ጋሽ ሌሙኤል ጣቱን እየላሰ ጀመረ። «መሰላሉ፣ እኔ መቼም ሥራዬ ነውና የከተማውን ጋዜጣ አነባለሁ። ማክሰኞ ዕለት ከቡድኑ ያባረሩት አንተን ነው፣ ወይስ ሌላ ሰባት ጫማ ሰው አለ?» አለው። ሰው ሁሉ ከሳህኑ ቀና አለ። ከዚያ ከወዲያ በኩል አንዱ «ተመስገን፣ የቤተ ክርስቲያኑን አምፖል የሚቀይር አገኘን!» ሲል ሳቁ ፈነዳ። አክስቴ ዚፖራ እንኳ በመሐረቧ አፏን ይዛ ትስቅ ነበር፤ ብትክድህ አትመናት። አባባ «እውነት ነው?» አሉ። «እውነት ነው አባባ» አለ። ሳህናቸውን ሣሩ ላይ አስቀምጠው፣ ጣቶቻቸውን አንድ በአንድ ጠርገው፣ በእግራቸው ወደ ቤት ሄዱ። እኛ ተቀምጠን ዶሮውን ጨረስን። ሌላ ምን እናድርግ?

ወደ ማታ ስንመለስ ክሊዮፈስ ከፊታችን ነበር። እኔ እንደምታውቀው ወሬ ስወድ ከእማዬ ጋር ወደ ኋላ ቀርቻለሁ። ተርማን ወንድሜ፣ ያ ልጅ ዕድሜውን ሙሉ በየሰዉ በር፣ በየሱቁ፣ በየአውቶቡሱ ሲጎነብስ ኖሮ አንድም ቀን ግንባሩን አልመታም። በዚያ በር ግን ቀጥ ብሎ መግባት ለምዶ ነበርና አላየም። ግንባሩ ሲመታ ድምፁ እኛ ጋ ድረስ ተሰማ። ስንደርስ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ደሙ በአፍንጫው ላይ ይወርዳል። አባባ ከላይ በኩል ወፍራም ሳንቃ አጋድመው በምስማር መትተውበት ነበር፤ መዝጊያውንም በልኩ ቆርጠውታል። እሳቸው ገበታው ላይ ተቀምጠው መጽሐፍ ቅዱስ ያነባሉ። ቀና ሳይሉ «በዚህ ቤት ጎንበስ ተብሎ ነው የሚገባው» አሉ። እማዬ ጨርቅ አመጣች።

ከዚያን ቀን ጀምሮ የሚያድረው ትምባሆ ማድረቂያው ጎተራ ውስጥ ነው። እዚያ ጣራው ከፍ ያለ ነው። ምግብ ሳደርስለት የተባረረበትን ነገር አጫወተኝ። ማለዳ በሩ ተንኳኳ፤ መልእክተኛው «አሰልጣኙ ይፈልጉሃል፤ የጨዋታ መጽሐፍህንም ይዘህ ና» አለው። ለሌላው ተጫዋች ይህ ቃል መርዶ ነው፤ የቡድኑ ስልት የተጻፈበትን መጽሐፍ ተረክበው ሊያሰናብቱት መሆኑን ያውቃል። የእኛው ግን ሁለት ዓመት ሙሉ ከመቆም ሌላ ሥራ ስጡኝ ብሎ ሲለምን ስለኖረ፣ አዲስ ጨዋታ ሊያስተምሩኝ ነው ብሎ ፊቱን ታጥቦ፣ መጽሐፉን ደረቱ ላይ አቅፎ እየሳቀ ገባ። «እየሳቅኩ እኮ ነው የገባሁት ቨርዴል» አለኝ። በዚህም ሳቀ።

አሁን ልመናዬን ስማ። በየመከሩ የሚመጣው ተዘዋዋሪ ትርኢት ባለቤት ሚስተር ጋዲ ክሊዮፈስን ሊያየው ጎተራ ድረስ መጥቶ ነበር። ዙሪያውን እንደሚገዛ በሬ ዞረው። «አንተ ምንም አትሠራም፤ ድንኳን ውስጥ ትቆማለህ፣ ሰዉ ያይሃል» አለው። ክሊዮፈስ «መቆሙን እንኳ ተምሬበታለሁ» አለ። ለእኔ ግን እንዲህ ብሎኛል፤ «አባባ ሳንቃውን ካነሱ እቀራለሁ፣ ትምባሆውንም ተንበርክኬ እለቅማለሁ። ካላነሱ እሄዳለሁ።» ለአባባ ነገርኳቸው። «ማጎንበስ ያቃተው ሰው አይቼ አላውቅም» አሉኝ። እሳቸው የሚሰሙት የበኩር ልጃቸውን አንተን ብቻ ነው። ጻፍላቸው። ሁለት ምስማር ማንሳት ነው፣ ሌላ ምንም አይደለም።

እዚህ ላይ ደብዳቤውን አቁሜው ነበር። ቴምብር እስካገኝ ስል ትርኢቱ ቀድሞኝ መጣ። እንግዲህ ከላይ የለመንኩህን ተወው፤ ገጹን ያልቀደድኩት ወረቀት ላለማባከን ነው።

ትናንት ቅዳሜ ሁላችንም ሄድን። አገር ምድሩ ድንኳኑ ውስጥ ታጭቋል። መድረኩ ላይ ከጣውላ የተሠራ የቤት ፊት አቁመዋል፤ በሩ ወገብ ድረስ እንኳ አይሞላም። መዝጊያው ተከፍቶ መጀመሪያ የወጣው የክሊዮፈስ እጅ ነው፤ ጉበኑን በመዳፉ ዳበስ ዳበስ አደረገው። ከዚያ በጉልበቱ እየዳኸ ወጣ፤ ያ ጉልበቱ ሲንቋቋ ሰማሁት። ከዚያ ቀስ እያለ ተነሳ፣ ተነሳ፣ ተነሳ፤ ሴቶቹ ጮኹ። ጋሽ ሌሙኤል «የእኛ ልጅ እኮ ነው!» እያለ መዳፉ እስኪቀላ ያጨበጭባል። እኔ በሩን አየሁት። መጋጠሚያው ክፍተት የለው፣ ጠርዙ እንደ ሐር ተልጓል። አክስቴ ዚፖራ ጆሮዬ ላይ ተለጥፋ «አባትሽ እኮ ነው የሠራው። ሚስተር ጋዲ ጥሩ አናጢ ሲያፈላልግ፣ የልጁን ልክ ከአባቱ በላይ ማን ያውቃል ብለው ሰዎች ነገሩት» አለችኝ። አባባ ከጎኔ ባርኔጣቸውን ይዘው ቆመዋል። ክሊዮፈስ ከሰዉ ሁሉ በላይ ሆኖ እኛን ፈልጎ አገኘን፤ እሳቸውን አያቸው። እሳቸው ወደ ላይ አላዩም፣ በሩን ነው የሚያዩት። «ማጠፊያው አልጮኸም» አሉ።

ዛሬ ጠዋት መኪኖቹ ወደ ጆርጂያ ተጓዙ። ከጭነቱ ጋር ከኋላ አስተኝተውት ነው የሄዱት፤ እግሩ ከሸራው ውጭ ይታይ ነበር።

በል እንግዲህ ሁሉም ሰላም ብሎሃል። አክስቴ ዚፖራ ጀርመኖች ምን ይበላሉ ትልሃለች። ጋሽ ሌሙኤል ስትመለስ የመጀመሪያውን ፀጉር በነፃ ነው የምቆርጥልህ ብሏል። እማዬ ትስምሃለች፤ ሹራቡን ጀምራለች። ፎቶውን አላወረደችውም፤ ትናንት አንዲት እንግዳ «ይኼ ጭንቅላት የሌለው ማነው?» ብትላት ግን «ከቡድኑ አንዱ ነው» አለቻት። አባባም በጣም ናፍቀውሃል። ሳንቃውን በደንብ ልገው ቀለም ቀብተውታል፤ ጣራውም ቀና ብሏል፣ ዝናብ አያስገባም። «ተርማን ሲመጣ ቀጥ ብሎ ይገባል፣ በልኩ ነው ብለሽ ጻፊለት» ብለውኛል።

እህትህ ቨርዴል ፕራይተር
ዌልስ ፎርክ፣ ሳውዝ ካሮላይና
ኦክቶበር 20 ቀን 1968