በየቀኑ ባስ ላይ ነኝ

ማክሰኞ

ዋሸሁ እንዳልል አንድም የውሸት ቃል አልተናገርኩም። የሚያሳፍረውም ይኸው ነው።

ሰናይት ከጄኔቫ ደወለች። ዘፋኝ ናት። ቅዳሜ በምታዘጋጀው የሬጌ ምሽት ልታከብረኝ ነው፤ ከባንዷ ጋርም እንድጫወት ትፈልጋለች። «ጋሽ ተስፉ፣ እማዬ ዙሪክ መጥታ ሳለች ባስ ላይ አየኋቸው አለችኝ። አሁንም ይጫወታሉ ማለት ነው?» አለች። «አዎ ልጄ፣ በየቀኑ ባስ ላይ ነኝ» አልኳት።

እናቷ ያዩኝ አውቶቡስ ስነዳ ነው። እኛ አዲስ አበባ ያደግነው ባስ እንለዋለን። እዚህ የተወለደችው ሰናይት ግን የሚነዳውን «ቡስ» ነው የምትለው፤ ለሷ ባስ ጊታሩ ብቻ ነው። ይህን ደግሞ አሳምሬ አውቃለሁ። የፕሮግራሙ ወረቀት ላይም «በየቀኑ ባስ ይጫወታሉ» ብላ ልታሳትመው ነው።

ረቡዕ

ከሥራ መልስ ባስ ጊታሬን ከኬለር፣ ከምድር ቤቱ ዕቃ ማስቀመጫ፣ አወጣሁት። ከክረምት ጎማዎቹ ጀርባ ሳጥኑ ሻግቷል። «ይሄ ሽታ ሳሎን አይገባም» አለች ባለቤቴ ጽጌ። በረንዳ ላይ ወለወልኩት።

ሁለት ዘፈን ሳልጨርስ ጣቴ ተላጠ። ድሮ የጣቶቼ ጫፍ ክብሪት ቢጫርበት አይሰማውም ነበር፤ አሁን እንደ አራስ ልጅ ለስልሷል።

ስንቱን ካሴት አቀናብሬ ነበር። ባሱ እንዲጎላ ድምፅ ማጉያውን በፍራሽ ጠቅልዬ እቀዳ ነበር። ተጫዋቹን ሁሉ «ሬጌ ነው፤ የመጀመሪያውን ምት ልቀቀው፣ አትምታው፣ ባሱ ከኋላ ይምጣ» እያልኩ አሰለቸው ነበር። ዛሬም አዲስ አበባ እንደዚያ የሚቀዱ ልጆች አሉ ይሉኛል። እዚህ ስመጣ መጀመሪያ ጊዜ አጣሁ፤ ቆይቶ ጠሪም አጣሁ።

«እውነቱን ንገራት። መንዳት ምን ነውር አለው?» አለች ጽጌ። ነውሩ መንዳቱ አይደለም፣ መጫወት መተዌ ነው። አልደወልኩም።

ዓርብ

ልምምድ። ጄኔቫ ዳር፣ ቶኔ፣ ሰናይት ቤት አጠገብ ያለ ምድር ቤት። ስዊሱ ድራመር ዘፈኖቼን ከኔ በላይ ያውቃቸዋል።

በገዛ ዘፈኔ፣ ልቀቁት ስል የኖርኩትን የመጀመሪያ ምት እኔው ገባሁበት። ድራመሩ አቆመ። እንደገና ጀመርን፤ እንደገና ገባሁበት። ለሰናይት በፈረንሳይኛ አንድ ነገር ነገራት። «በየቀኑ ስለሚጫወቱ እጃቸው ዝሎ ነው አልኩት» አለችኝ ሰናይት፣ አዝናልኝ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

ነገ እናቷ ይመጣሉ። የት እገባለሁ?

ቅዳሜ

እናቷ እትዬ አጸደ ከመድረኩ ጀርባ መጡና፣ ሁላችንም ባለንበት፣ «ያኔ ባሱ ላይ ሰላም ያላልኩዎት እየነዱ እንዳላውክዎት ብዬ ነው» አሉኝ።

ሰናይት ሳቀች። «እማዬ፣ ባስ ይነዳል እንዴ?»

«ታዲያ ሹፌር ምን ያደርጋል?»

ሰናይት ወደኔ ዞረች። አቀረቀርኩ። «ልጄ፣ ያዩት የምነዳውን ነው። ጊታሩን ከነካሁ ዓመታት አልፈዋል። ስትጠይቂኝ ገብቶኝ ነበር» አልኳት።

«ወረቀቱ ተበትኗል እኮ፣ ጋሼ። ውሸቱን ያስነገሩት በኔ አፍ ነው» አለች። አልጮኸችም። ብትጮህ ይሻለኝ ነበር።

መድረክ ላይ ማይኩን ያዝኩ። «ወረቀቱ ላይ ያለው ጥፋት የኔ ነው። እኔ በየቀኑ ያለሁት ቡስ ላይ ነው፣ ዙሪክ አጠገብ፣ ረገንስዶርፍ» አልኩ። ቡስ ያልኩት እዚህ የተወለዱት ልጆች እንዲገባቸው ነው። ሰናይት በደረቅ ድምፅ ወደ ፈረንሳይኛ መለሰችው። አዳራሹ ሳቀ፣ ከዚያ አጨበጨበ። ቀልድ የመሰላቸውም ሳይኖሩ አይቀሩም።

ተጫወትኩ። የመጀመሪያውን ምት ለቀቅኩት፤ ድራመሩ ራሱን ነቀነቀልኝ። ሦስተኛው ዘፈን ላይ ግን ሳትኩ።

ስንለያይ ሰናይት ጨበጠችኝ እንጂ አልሳመችኝም።

እሑድ

ሥራ ነበርኩ። የተላጠው ጣቴ ላይ ፕላስተር ለጥፌ መሪ ያዝኩ። ተሳፋሪ ባየኝ ቁጥር ወረቀቱን ያነበበ ይመስለኛል።

ዕረፍት ላይ ሳለሁ ከሰናይት መልእክት ገባ። «ጋሼ፣ ሐሙስ ልምምድ አለን። በየትኛው ባስ ይመጣሉ?»

እየቀለደችብኝ ይሁን አኩርፋ፣ መለየት አልቻልኩም። ሁለቱም ይገባኛል። ረጅም ይቅርታ ጻፍኩ፣ አጠፋሁት። ቀልድ ጻፍኩ፣ እሱንም አጠፋሁት። በመጨረሻ «እመጣለሁ» ብቻ ብዬ ላኩ።

ባሱ ሳሎን ገብቷል። ሽታው እንዲወጣ ጽጌ ራሷ መስኮቱን ከፍታለታለች።